ዘበኛው ይፈተሻል፤ አሠሪውስ?

ለንደን ውስጥ ሱፐርማርኬት ስትገቡ በር ላይ የሚቆመውን ሰው ልብ ብላችሁት ታውቃላችሁ? ጥቁር ጃኬት ለብሶ፣ ጆሮው ላይ ሽቦ ሰክቶ፣ ክንዱ ላይ ፎቶው ያለበት ባጅ አስሮ የሚቆመውን? ብዙዎቻችን አይተን እንዳላየን እናልፈዋለን። ቀና ብለን ስናየው ደግሞ አንዳንዴ የራሳችን ሰው ሆኖ እናገኘዋለን። እንግሊዝ አገር አዲስ የገባ ሐበሻ ከዘመድ ከወዳጅ ከሚሰማቸው ምክሮች አንዱ "ለምን ሴኩሪቲ አትማርም?" የሚለው ነው። ስለዚህ ነገሩ የፈረንጅ ጉዳይ ብቻ ነው ብለን የምንተወው አይደለም፤ የእኛም ጉዳይ ነው።

ዛሬ ልናወራ የፈለግነው ስለዚያ ባጅ ነው። የምንለውን አስቀድመን ብንለው ይሻላል፦ የብሪታንያ ሕግ በር ላይ የቆመውን ሰው ይመረምራል፣ ያሠለጥናል፣ ያስከፍላል፣ ሲያጠፋም ይቀጣል። ያንን ሰው በሰዓት ሒሳብ የሚያከራየውን ድርጅት ግን እንደ ድርጅት ፈቃድ አይጠይቀውም። እኛ እንደሚመስለን የዚህ ኢንዱስትሪ አብዛኛው ሕመም የሚጀምረው ከዚህ ነው። (ከዚህ በታች የምንጠቅሳቸው ዓመቶች በሙሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር መሆናቸውን ልብ በሉልን።)

ስንት ናቸው? ምንስ ይችላሉ?

ኢንዱስትሪው ትንሽ እንዳይመስላችሁ። በብሪታንያ የጥበቃ ሥራ ፈቃድ የያዙ ሰዎች ከ400,000 በላይ ናቸው። በማርች 2024 በእንግሊዝና በዌልስ የነበሩት ፖሊሶች ደግሞ 147,000 ገደማ ነበሩ። የስኮትላንድንና የሰሜን አየርላንድን ፖሊስ ብንደምርበት እንኳ የባለባጆቹን ግማሽ አይሞላም። ባጅ ያለው ሁሉ ሥራ ላይ ነው ማለት አይደለም። ቢሆንም የአገሪቱ ሰው በቀን ውሎው ከፖሊስ ይልቅ ብዙ ጊዜ የሚያገኘው ዘበኛን ነው። ሆስፒታል ሲሄድ፣ ዩኒቨርሲቲ ሲገባ፣ ሥራ ፍለጋ ጆብ ሴንተር ሲቀርብ፣ ኳስ ሊያይ ስታዲየም ሲገባ፣ ማታ ክለብ በር ላይ ሲሰለፍ... ሁሉም ጋ መጀመሪያ የሚቀበለው ባለባጁ ነው።

ይህ ሁሉ ኃላፊነት የተሸከመ ሰው ሥልጣኑ ምን ያህል ነው ብትሉ፣ መልሱ አጭር ነው፤ የእናንተን ያህል ነው። ዘበኛው ከማንኛውም ዜጋ የተለየ የመያዝ ወይም የመፈተሽ ሥልጣን ሕጉ አልሰጠውም። ፖሊስ በእንግሊዝና በዌልስ በ2024 ብቻ 516,971 የሱቅ ስርቆት መዝግቧል። ያ ሁሉ ሌባ ያለፈው በዚሁ ባለባጅ ፊት ነው ብንል ብዙም አልተሳሳትንም። ከያዘው "ለምን ነካኸው?"፣ ካልያዘው "ለምን ለቀቅከው?" ይባላል። የአህያ ባል ከጅብ አያስጥልም እንዲሉ፣ ሥልጣን ያልሰጡትን ሰው በር ላይ አቁሞ ከጅብ አስጥለን ማለት ለሰውየውም ለገበያተኛውም ፍርደ ገምድልነት ነው።

ሕጉ እንዴት መጣ?

ሕጉን ለመንቀፍ ከመቸኮላችን በፊት ግን የሚገባውን ምስጋና እንስጠው። እስከ 1990ዎቹ መጨረሻ ድረስ ብሪታንያ ውስጥ ማንም ጡንቻ ያለው ሰው ተነሥቶ በር ጠባቂ መሆን ይችል ነበር። የክለብ በር የሚጠብቁትን ሰዎች አንዳንድ ከተሞች በራሳቸው መዝገብ ይቆጣጠሩ ነበር፤ አንዱ ከተማ ያባረረው ሰው ግን ጎረቤት ከተማ ሄዶ መቆም ይችላል። ወንበዴዎችም አንድ ነገር ገብቷቸው ነበር፦ የክለቡን በር የያዘ ሰው፣ ውስጥ ዕፅ ማን እንደሚሸጥ ይወስናል። ስለዚህ በሩን ለመያዝ ይደባደቡ ነበር።

ይህን ለማስቆም በ2001 የግል ጥበቃ ኢንዱስትሪ ሕግ ወጣ። በ2003 ደግሞ ሕጉን የሚያስፈጽም የጥበቃ ኢንዱስትሪ ባለሥልጣን ተቋቋመ፤ የእኛ ሰው "ኤስ አይ ኤ" የሚለው ማለት ነው። ከማርች 2006 ጀምሮ በእንግሊዝና በዌልስ፣ ከ2007 መጨረሻ ጀምሮ በስኮትላንድ፣ ከ2009 መጨረሻ ጀምሮ በሰሜን አየርላንድ፣ በኮንትራት የሚሠራ ጥበቃ ያለ ፈቃድ መቆሙ ወንጀል ሆነ። ይህ ደግ ሥራ ነበር። ዛሬ ክለብ በር ላይ የቆመው ሰው የወንጀል መዝገቡ የታየ ሰው ነው፤ ስሙም ማንም ሊያየው በሚችል ይፋ መዝገብ ላይ አለ።

እስኪ አሁን ደግሞ ያ ሰው ባጁን ለማግኘት የሚያልፍበትን መንገድ እንየው። የበር ጥበቃ ኮርሱ ስድስት ቀን ገደማ ይወስዳል፤ ከ2021 ጀምሮ ከዚያ በፊት የመጀመሪያ እርዳታ ሥልጠና መውሰድ ግዴታ ሆኗል። የወንጀል መዝገቡ ይታያል። ባለፉት አምስት ዓመታት ውስጥ ለተከታታይ ስድስት ወር ውጭ አገር የኖረ ከሆነ ከዚያ አገር ማስረጃ አምጣ ይባላል። የፈቃዱ ክፍያ በ2020 190 ፓውንድ ነበር፤ የሚያገለግለውም ለሦስት ዓመት ነው። አንዳንድ አሠሪዎች ይከፍሉለታል፤ ብዙው ሰው ግን ኮርሱንም ፈቃዱንም ከኪሱ ነው የሚከፍለው። ገና አንድ ሰዓት ሳይሠራ ዕዳ ውስጥ ይገባል ማለት ነው።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የማያውቀው አንድ ነገር አለ። ባለሥልጣኑ የሚተዳደረው በዋናነት ከዚሁ የፈቃድ ክፍያ በሚገኝ ገንዘብ ነው። በኢንዱስትሪው ውስጥ ትንሹን ደመወዝ የሚያገኘው ሰው የራሱን ተቆጣጣሪ ደመወዝ ይከፍላል። ከላዩ ያለው ድርጅትስ?

ድርጅቱ ጋ ሲደርስ ሕጉ ይለሰልሳል

እውነቱን ለመናገር ሕጉ ድርጅቶችን ፈጽሞ አልዘነጋቸውም። የጥበቃ ድርጅት ዳይሬክተሮችና ሥራ አስኪያጆች በግላቸው ፈቃድ ማውጣት አለባቸው። ድርጅቱ ራሱ ግን እንደ ድርጅት ፈቃድ እንዲያወጣ አይገደድም። ለሠራተኞቹ በቂ ሥልጠና ይሰጣል ወይ? ደመወዝ በወቅቱ ይከፍላል ወይ? የተዋዋለውን ያህል ሰው ማቅረብ ይችላል ወይ? የወሰደውን ሥራ ለማን አሳልፎ ይሰጣል? እነዚህን ጠይቆ "እናንተ ለዚህ ሥራ አትመጥኑም" የሚል የግዴታ ፈቃድ የለም። ያለው በ2006 የተጀመረ በፈቃደኝነት የሚገቡበት የብቃት ማረጋገጫ ብቻ ነው። የፈለገ ይገባል፤ ያልፈለገ ይቀራል፤ የቀረውም መሥራት ይችላል።

በ2010 ወደ ሥልጣን የመጣው መንግሥት መጀመሪያ ባለሥልጣኑን ሊያፈርሰው አሰበ። ኢንዱስትሪው ራሱ ሳይቀር ሲቃወም ሐሳቡን ለወጠና "እንግዲያውስ ድርጅቶችን ፈቃድ ማስወጣት እንጀምራለን" አለ። ምክክር ተደረገ፣ ጊዜ ተቆረጠ፣ ጊዜው አለፈ፤ ድርጅቶችም ያለ ፈቃድ መሥራታቸውን ቀጠሉ።

ይህ ክፍተት ወረቀት ላይ ብቻ ያለ እንዳይመስላችሁ። ሥራው የሚሄደው እንዲህ ነው፦ ሱቁ ወይም የኮንሰርት አዘጋጁ ለዋናው ኮንትራክተር ሥራውን ይሰጣል። ዋናው ኮንትራክተር ሰው ሲያጥረው ለሌላ ትንሽ ድርጅት ያስተላልፋል። ትንሹ ደግሞ ለሌላ ትንሽ። በመጨረሻ በር ላይ የሚቆመው ልጅ ለማን እንደሚሠራ በትክክል የማያውቅበት ጊዜ አለ። "የራስህ ተቀጣሪ ነህ" ተብሎ የዓመት ዕረፍትም የሕመም ክፍያም የማያገኝ አለ። ባለሥልጣኑ ራሱ ይህ ሰንሰለት ለብልሹ አሠራር በር እንደሚከፍት ደጋግሞ አስጠንቅቋል። አልሸሹም ዞር አሉ ነው ነገሩ፤ ኃላፊነት ከእጅ ወደ እጅ ሲተላለፍ የሚጠፋ ይመስላል፣ ግን አልጠፋም፤ መጨረሻ ላይ ባለባጁ ትከሻ ላይ ያርፋል።

ሦስት ምስክሮች

"እነዚህ ልጆች ደግሞ ያጋንናሉ" እንዳትሉን ሦስት የታወቁ ጉዳዮችን እናንሣ።

አንደኛው የ2007ቱ ነው። በኖቬምበር 2007 የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስትሯ ጃኪ ስሚዝ ፓርላማ ፊት ቀርበው፣ በሺዎች የሚቆጠሩ በአገሪቱ የመሥራት መብት የሌላቸው ሰዎች የጥበቃ ፈቃድ ማግኘታቸውን አመኑ። ጋዜጣው ሁሉ ስለ ስደተኞቹ ጮኸ። ነገሩን ረጋ ብሎ ላየው ግን ሌላ ጥያቄ ነበረ። የመሥራት መብትን የማጣራት ግዴታ በሕጉ የአሠሪው ነበር። ባለሥልጣኑ የሚያየው በዋናነት የወንጀል መዝገብን ነው። ታዲያ የቀጠሯቸው እነማን ነበሩ? ሳያጣሩ የቀጠሩትስ ምን ሆኑ? ጩኸቱ ከባለባጆቹ ራስ በላይ ብዙም አልወጣም።

ሁለተኛው የ2012ቱ የለንደን ኦሎምፒክ ነው። ጂ ፎር ኤስ በወቅቱ በዓለም ዙሪያ ከ600,000 በላይ ሠራተኛ የነበረው የጥበቃ ኩባንያ ነበር። 10,400 ሰው ለማቅረብ 284 ሚሊዮን ፓውንድ የሚያወጣ ውል ወሰደ። ጨዋታው ሊከፈት ሁለት ሳምንት ሲቀረው ሰዎቹ እንደማይሟሉ ታወቀ። መንግሥት መጀመሪያ 3,500፣ ቀጥሎም 1,200 ተጨማሪ ወታደር አሰለፈ። ሠልጥነውና ባጅ አውጥተው "መቼ እንምጣ?" እያሉ መልስ ያጡ ብዙ ወጣቶች ነበሩ፤ የጎደለው ሰው ሳይሆን ሰውን አደራጅቶ የሚያሰማራ ድርጅት ነበር። የኩባንያው ዋና ሥራ አስፈጻሚ ኒክ በክልስ ፓርላማ ኮሚቴ ፊት ቀርበው ነገሩ አዋራጅ ዝርክርክነት መሆኑን ሲጠየቁ አልካዱም። ኩባንያው ከውሉ 88 ሚሊዮን ፓውንድ ገደማ ከሠረ። ከዚያስ? ሥራው ቀጠለ፤ በ2021ም አንድ የአሜሪካ ኩባንያ በ3.8 ቢሊዮን ፓውንድ ገዛው።

ሦስተኛው ምስክራችን ከሁሉም ይብሳል። በ2013 የፍትሕ ሚኒስትሩ ክሪስ ግሬሊንግ አንድ የሚያስደነግጥ ነገር ተናገሩ። ጂ ፎር ኤስና ሰርኮ የተባሉት ኩባንያዎች ወንጀለኞች እግር ላይ የሚታሰረውን የኤሌክትሮኒክስ መከታተያ እንዲቆጣጠሩ ከመንግሥት ጋር ተዋውለው ነበር። ሒሳቡ ሲመረመር መከታተያው ከእግራቸው ለወጣ፣ ወደ እስር ቤት ለተመለሱ፣ ጭራሽም ለሞቱ ሰዎች ሳይቀር ክፍያ ተጠይቆ ተገኘ። ሙታን ይጠበቁ ነበር ማለት ነው! ሰርኮ 68.5 ሚሊዮን፣ ጂ ፎር ኤስ ደግሞ 109 ሚሊዮን ፓውንድ ገደማ መለሱ። ቆይቶም የሁለቱ ቅርንጫፍ ድርጅቶች ከከባድ የማጭበርበር ወንጀሎች ቢሮ ጋር ክስ የሚያዘገይ ስምምነት አድርገው የሰርኮው በ2019 19.2 ሚሊዮን፣ የጂ ፎር ኤሱ በ2020 38.5 ሚሊዮን ፓውንድ ተቀጡ። በግለሰብ ደረጃ የተከሰሱት የቀድሞ ኃላፊዎች ግን በነፃ ተሰናበቱ፤ ክሳቸው ፍርድ ላይ አልደረሰም። በ2023 መጨረሻ ደግሞ መንግሥት የመከታተያውን ሥራ መልሶ ለሰርኮ ሰጠ፤ በሜይ 2024ም ኩባንያው ሥራውን ጀመረ።

የመከታተያው ሥራ በጥበቃ ባለሥልጣኑ ፈቃድ ሥር የሚወድቅ እንዳልሆነ እናውቃለን። ይሁን እንጂ አንድ ንጽጽር እናድርግ። በር ላይ የቆመው ልጅ በቅርቡ በማጭበርበር የተፈረደበት ቢሆን፣ ፈቃድ ጠይቆ የማግኘት ዕድሉ ምን ያህል ነው? ድርጅት ሲሆን ግን ቅጣቱን ከፍሎ፣ "ራሳችንን አሻሽለናል" ብሎ፣ ለቀጣዩ ጨረታ ይሰለፋል። በአንድ ኢንዱስትሪ ውስጥ ሁለት ዓይነት ንስሐ አለ።

ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ

እስካሁን ያወራነው ስለ ገንዘብ ነው። ነገሩ የሚመረው ሕይወት ጋ ሲደርስ ነው።

በሜይ 22 ቀን 2017 ማንቸስተር አሬና ውስጥ የሙዚቃ ኮንሰርት አልቆ ሕዝቡ ሲወጣ አንድ አጥፍቶ ጠፊ 22 ሰው ገደለ። ብዙዎቹ ልጆችና ወጣቶች ነበሩ። በሰር ጆን ሳውንደርስ የተመራው ይፋዊ ምርመራ በጁን 2021 ባወጣው የመጀመሪያ ሪፖርት፣ ፍንዳታው ከመድረሱ በፊት አንድ ተመልካች ሰውየው አጠራጥሮት ለጥበቃ እንደተናገረ ዘገበ። የተነገረው ወጣት ሬዲዮ አልነበረውም፤ ቆሞ የሚጠብቀውን በር ጥሎ መሄድም አልቻለም። ሌላው ጥበቃ ገና የ18 ዓመት ልጅ ነበር፤ በሬዲዮ ሊናገር ሞክሮ አልተሳካለትም፤ ዘረኛ ብባልስ ብሎ መፍራቱንም ተናግሯል። አጥፍቶ ጠፊው የካሜራ ዓይን በማይደርስበት ሥፍራ ተደብቆ ነበር። በዚያ ግማሽ ሰዓት ውስጥ በአዳራሹ መግቢያ አንድም ፖሊስ አልነበረም።

ልጆቹ ስሕተት አልሠሩም አንልም። ሪፖርቱም እንዲያ አላለም። ግን የ18 ዓመት ልጅ እዚያ ቦታ ላይ ያቆመው ማነው? ለባልደረባው ሬዲዮ ያልሰጠው ማነው? የካሜራውን ክፍተት ሳይዘጋ የተወው ማነው? ሪፖርቱ ዋናውን ኃላፊነት የጣለው በአዳራሹ አስተዳዳሪ፣ በጥበቃ ኩባንያውና በባቡር ፖሊሱ ላይ ነው። ካቀረባቸው ሐሳቦች አንዱም መንግሥት የጥበቃ ድርጅቶች ራሳቸው ፈቃድ እንዲያወጡ ማድረግን እንዲያጤን ነው። እኛ ከላይ ያልነውን አንድ ትልቅ ዳኛ ከብዙ ወራት ምርመራ በኋላ ብለውታል።

በዲሴምበር 2022 ደግሞ በደቡብ ለንደን ብሪክስተን አካዳሚ በተባለው አዳራሽ በር ላይ በተፈጠረ መጨናነቅ ሁለት ሰዎች ሞቱ። ከሁለቱ አንዳቸው በዚያ ምሽት በጥበቃ ሥራ ላይ ነበሩ። ከጥቂት ሳምንታት በኋላ ቢቢሲ፣ ጥበቃዎች ጉቦ እየተቀበሉ ትኬት የሌለው ሰው ያስገቡ ነበር የሚል ውንጀላ አሰማ። እውነት ከሆነ አስጸያፊ ነው። ግን የዚያን ምሽት ጥበቃዎች ሁሉ በአንድ ስም የሚጠራ ሰው፣ አንዳቸው እዚያው ሕይወታቸውን እንዳጡ አይርሳ።

ከበሩ ርቀንም ሌላ ነገር እንጨምር። ኮቪድ በገባ ጊዜ ብዙው ሰው ቤቱ ሲቀመጥ ዘበኛው በሩ ላይ ነበር። የብሔራዊ ስታቲስቲክስ ቢሮው በጁን 2020 ባወጣው አሐዝ በእንግሊዝና በዌልስ ከማርች 9 እስከ ሜይ 25 ባሉት ሳምንታት 104 ወንድ የጥበቃ ሠራተኞች በኮቪድ ሞተዋል፤ ይህም ከ100,000 ሰው 74 ማለት ነው። በሥራ ዕድሜ ላይ ላሉ ወንዶች በጠቅላላው የነበረው አሐዝ 19 ገደማ ነበር። አራት እጥፍ ሊሆን ምንም አልቀረውም። ሥራው ብቻ ነው ምክንያቱ ባንልም፣ ሲታመም ቤቱ ቢተኛ ደመወዙ የሚቆረጥ ሰው ታሞም ቢሆን ይመጣል። የግሬት ኦርመንድ ስትሪት የሕፃናት ሆስፒታል ጥበቃዎች በ2022 ለሳምንታት ሥራ አቁመው ሲሰለፉ ጥያቄያቸው ይኸው ነበር፦ በአንድ ሕንፃ አብረን እየሠራን፣ የሆስፒታሉ ሠራተኛ ሲታመም የሚያገኘውን ክፍያ እኛ ለምን አናገኝም?

ጥበቃዎች ሁሉ መላእክት ናቸውን?

አይደሉም። ይህን ካልተናገርን ነገራችን ጎዶሎ ይሆናል። ጂሚ ሙቤንጋ የተባለ የአንጎላ ተወላጅ በኦክቶበር 2010 በሂትሮ አውሮፕላን ውስጥ ሲባረር በሦስት የጂ ፎር ኤስ አጃቢዎች እንደተያዘ ሞተ። በ2013 የሞቱን ምክንያት የመረመረው ጁሪ ግድያው ሕገ ወጥ ነው ብሎ ወሰነ፤ በ2014 ግን ሦስቱ አጃቢዎች በወንጀል ፍርድ ቤት ነፃ ወጡ። በ2017 ቢቢሲ ብሩክ ሃውስ በተባለው የስደተኞች ማቆያ ውስጥ በስውር የተቀረጸ የጭካኔ ሥራ አሳየ፤ በ2023 የወጣው ይፋዊ የምርመራ ሪፖርትም በታሳሪዎች ላይ የደረሰውን በደል አረጋገጠ።

ስደተኛ ለሆነ አንባቢ ይህ ከባድ ነው። ያጠፋ ሰው ለጥፋቱ መልስ መስጠት አለበት፤ ባጅም ሆነ ድህነት መሸሸጊያ አይሆነውም። ግን የሙቤንጋን ሞት የመረመሩት ባለሥልጣን በ2013 ያነሡትን ስጋት ልብ እንበል፦ የአጃቢዎቹ አከፋፈል ጉዞው እንዲሳካ የሚገፋፋ መሆኑን ነበር። ሰውየው ከበረረ ይሻላል፣ ካልበረረ ኪስ ይጎዳል። ያንን የአከፋፈል ሥርዓት የነደፈው ሰው አውሮፕላኑ ውስጥ አልነበረም።

"ግን እኮ..." ለሚሉን

በድርጅት ፈቃድ ሐሳብ ላይ የሚነሱ ተቃውሞዎች አሉ፤ እንስማቸው። የመጀመሪያው "ትናንሽ ድርጅቶችን ያጠፋል" የሚል ነው። ይህ ባዶ ሥጋት አይደለም፤ ከትናንሾቹ መካከል የእኛ ሰዎች ያቋቋሟቸውም ሊኖሩ ይችላሉ። ግን ክፍያውን በድርጅቱ መጠን መለካት ይቻላል። ለሦስት ዓመት ፈቃድ መክፈል አንዱን ዘበኛ አያጠፋውም ከተባለ፣ ድርጅትን ያጠፋል ማለት ይከብዳል። ዛሬ ሐቀኛውን ትንሽ ድርጅት የሚገድለው ደመወዝ ሰርቆ በርካሽ ዋጋ የሚጫረተው ጎረቤቱ ነው።

ሁለተኛው "በፈቃደኝነት የሚገባበት ማረጋገጫ ይበቃል" የሚል ነው። በፈቃደኝነት ፈተና የሚቀመጠው ማለፉን የሚያውቅ ተማሪ ነው። እኛ የምንፈልገው ያንኛውን ነው፤ ፈተና የሚሸሸውን።

ሦስተኛው "ዋጋ ይወደዳል" የሚል ነው። አዎ፣ ይወደዳል። የጥበቃ ሥራ ዋጋው በአብዛኛው የሰው ጉልበት ነው። ከኤፕሪል 2025 ጀምሮ ዕድሜው 21 ዓመት የሞላው ሠራተኛ ዝቅተኛ ደመወዝ በሰዓት 12.21 ፓውንድ ሆኖ ነበር። ከዚያ ላይ የዕረፍት ክፍያ፣ ጡረታ፣ ግብርና ሥልጠና ሲጨመር፣ አንድ ድርጅት ለአንድ ሰዓት ጥበቃ ከዚያ ብዙም የማይርቅ ዋጋ ካቀረበ አንድ ነገር ተሰርቋል ማለት ነው። ገዢው ያንን ዋጋ አይቶ ሲፈርም ምን እንደሚገዛ ያውቃል፤ ካላወቀም ማወቅ አልፈለገም።

ምን ይደረግ?

በኤፕሪል 2025 በማንቸስተር ልጇን ባጣችው በፊገን መሪ ብርታት "የማርቲን ሕግ" የተባለው አዋጅ ጸደቀ። 200 ሰውና ከዚያ በላይ የሚሰበሰብባቸው ቦታዎች ለሽብር ጥቃት ዝግጅት እንዲያደርጉ ያስገድዳል፤ ሥራ ላይ እስኪውል ቢያንስ 24 ወር ተሰጥቶታል፤ ተቆጣጣሪውም ይኸው የጥበቃ ባለሥልጣን እንዲሆን ተወስኗል። መልካም ነው። ለመጀመሪያ ጊዜ ከባለባጁ አልፎ የቦታውን ባለቤት "አንተስ?" ብሎ የሚጠይቅ ሕግ ነው። ሆኖም ባለቤቱና ዘበኛው ተጠይቀው መሐል ላይ ያለው ነጋዴ ከቀረ፣ ጅብ ከሄደ በኋላ ግማሽ አጥር ማጠር ነው።

ስለዚህ የምንጠይቀው ብዙ አይደለም። ጥበቃ የሚሸጥ ድርጅት ሁሉ እንደ ድርጅት ፈቃድ ያውጣ፤ ደመወዝ የሚሰርቅ፣ ሰው አቀርባለሁ ብሎ የማያቀርብ፣ ሥራውን አሳልፎ ሸጦ ኃላፊነቱን የሚክድ ድርጅት ፈቃዱን ይነጠቅ። የባጁን ክፍያ አሠሪው ይክፈል። መንግሥትም ትልቁ የጥበቃ ደንበኛ እንደመሆኑ በርካሽ መግዛቱን ይተው።

ለራሳችን ልጆችም አንድ ሁለት ቃል አለን። ሥራ ሲሰጣችሁ ድርጅቱ በባለሥልጣኑ የብቃት ማረጋገጫ ዝርዝር ውስጥ መኖሩን ከመዝገቡ እዩ፤ ለሁሉም ክፍት ነው። የደመወዝ ወረቀት ጠይቁ፤ "ራስህን እንደቀጠርክ ቁጠረው" የሚላችሁን ተጠራጠሩ። ባጃችሁን ለወንድም ለዘመድ አታውሱ፤ ሲያዝ የሚቀጣው አዋሹም ተዋሹም ነው። የሠራተኛ ማኅበር ግቡ። የግሬት ኦርመንድ ስትሪቶቹ አንድ ላይ ባይቆሙ ኖሮ ጥያቄያቸውን ማንም አይሰማውም ነበር።

ዘበኛ ይፈተሽ፤ እኛም እንስማማለን። ፍተሻው ግን ከታች ጀምሮ ታች የሚያልቅ ከሆነ ስሙ ጥበቃ አይደለም፤ ጥፋተኛ አዘጋጅቶ ማስቀመጥ ነው። እስከሚቀጥለው ቸር ያሰንብተን።